የኮምፔንሳቶው ሚኒስትር

ሟቹ ሚኒስትር ሆኖ ነው የሞተው።

ከትከሻው የሚሰፋ ኮት ለብሶ፣ ከኋላው ባንዲራ መሳይ ጨርቅ ተተክሎ፣ ከፊቱ ገመድ የሌላቸው ስልኮች ተደርድረው፣ ቀኝ እጁን በብረቱ የጠረጴዛ መብራት አናት ላይ ጭኖ፣ መነጽሩን ግንባሩ ላይ ሰቅሎ ወንበሩ ላይ ተገኘ። አፉ ገርበብ ብሏል። የማያውቀው ሰው ቢያየው አሁን ቀልድ ሊወረውር ነው ይል ነበር። የሚያውቀው ደግሞ፣ አገር ሁሉ ያውቀው ነበርና፣ እሱን አይቶ ሳይስቅ የቀረበት የመጀመሪያው ቀን ይህ ነው።

ቦታው መሥሪያ ቤት ይመስላል እንጂ አይደለም። ግድግዳው ኮምፔንሳቶ ነው፤ በጣት ቢገፉት ይንቀጠቀጣል። መደርደሪያው ላይ ያሉት መጻሕፍት ጀርባ እንጂ ሆድ የላቸውም። በመስኮቱ የምትገባው ፀሐይ ከግድግዳው ኋላ የተሰቀለች ትልቅ አምፖል ናት። እዚህ ውስጥ ነበር «ክቡርነታቸው ስብሰባ ላይ ናቸው» የሚባለው የቴሌቪዥን ኮሜዲ የሚቀረጸው፤ የመንግሥትን መሥሪያ ቤት ጓዳ እያሳየ ሕዝቡን ሆዱን አስይዞ ሲያስቅ የከረመው። ሟቹ ሚኒስትሩን ሆኖ ይጫወት ነበር። ቁመቱ አጭር ስለሆነ ከጠረጴዛው በላይ እንዲታይ ከሥሩ ቀይ ትራስ ይደረግለታል። «ሥልጣን ማለት ይኼ ነው፤ ትራሱን ሲነሡህ ቁመትህ ይታወቃል» እያለ በራሱ ይቀልድ ነበር።

መርማሪዋን በጣቢያው የሚጠሯት ወፍጮ ብለው ነው። ስሙን ያወጣላት አለቃዋ ነው፤ «ጥሬ ከሰጠሃት ዱቄት ሳታደርግ አትመልስልህም» ብሎ ለስድብ የጣለባት። እሷ ግን ወደደችው። ወፍጮ ምን ነውር አለው? ነውሩ እንክርዳድ ተሸክሞ ወፍጮ ቤት መሄድ ነው።

አለቃዋ ከእሷ ቀድሞ ደርሶ፣ ነገሩንም ቀድሞ ጨርሶት ነበር።

«አልቋል» አላት ኮፍያውን እያስተካከለ። «መብራት ሠራተኛው ዋናውን ማብሪያ ሳያጠፋ ለምሳ ወጣ። የዚህ መብራት ሽቦ ተልጦ ከብረቱ ጋር ተነካክቷል። ሰውየው ነካው፣ ሞተ። መብራት ሠራተኛው የሟች ታናሽ ወንድም ነው፤ ያሳዝናል። በቸልተኝነት ሰው መግደል። ፈርሚና እንሂድ።»

«ምን አስቸኮለህ?»

«ከላይ ተደውሏል። የፊልሙ ባለቤት ከትልልቅ ሰዎች ጋር ይተዋወቃል። ነገሩ ሳይወራ ይዘጋ ብለዋል።»

«ከላይ የማውቀው አንድ እግዜርን ነው። እሱ ደግሞ ስልክ የለውም።»

«ወፍጮ፣ ዛሬ እንኳ ተይኝ።»

አልተወችውም። ወደ ሬሳው ጠጋ አለችና መነጽሩን ሳትነካ ጎንበስ ብላ አየችው። የጆሮ መያዣዎቹ በሁለቱም ወገን እኩል ተደላድለዋል። መብራት የያዘው ሰው ይንዘፈዘፋል፣ ይወረወራል፣ ጥርሱን ይነክሳል። የዚህ ሰው መነጽር ግን ወላጆቿ ፊት እንደተቀመጠች ሙሽራ ንቅንቅ አላለም።

«እንዲህ ያለ ጨዋ ኤሌክትሪክ አይቼ አላውቅም» አለች።

የፖሊሱ ሐኪም ነገር የማያበዛ ሽማግሌ ነው። የሟቹን መዳፍ ገልብጦ አሳያት። «ቃጠሎውን እዪው። ዙሪያው አልቀላም፣ አላበጠም። በሕይወት ያለ ሥጋ ሲቃጠል ይቆጣል። ይኼ አልተቆጣም።» ከዚያ የዓይኑን ቆብ በአውራ ጣቱ ገለበጠ፤ በውስጡ የመርፌ ጫፍ የሚያህሉ የደም ነጠብጣቦች ተበትነዋል። «ይኼ ደግሞ ትንፋሽ ያጣ ሰው ዓይን ነው። መጀመሪያ ታፈነ። ከሞተ በኋላ ነው እጁ የተቃጠለው።»

«ሬሳ አይቆጣም በለኛ።»

«አይቆጣም።»

«እኔ ግን እቆጣለሁ።»

ሁለቱ ተጋግዘው ሬሳውን ቀና አደረጉትና ወፍጮ ቀዩን ትራስ ከሥሩ ሳበች። ላይኛው ገጹ ንጹሕ ነው። ገለበጠችው። በወዲያኛው በኩል የሰው ፊት ታትሞበታል፤ ጉንጭ፣ አፍንጫ፣ የተከፈተ አፍ፣ ሸክላ በመሰለ ቀላ ባለ የሜካፕ ቀለም። የገደለው ሰው ትራሱን ገልብጦ፣ ሟቹን የገዛ ሞቱ ላይ አስቀምጦት ሄዷል። ወፍጮ ትራሱን በከረጢት አድርጋ ስለ እሱ ለማንም እንዳይናገር ሐኪሙን ለመነችው። ሰውን መግደል አንድ ነገር ነው። ገድሎ አስቂኝ አድርጎ ማስቀመጥ ግን ሌላ ነው።

አለቃዋ የሐኪሙን ቃል ሲሰማ ፊቱ ተጨማደደ። «እሺ፣ ፀሐይ እስክትጠልቅ። ካልሆነልሽ መብራት ሠራተኛውን ልጅ ይዤ እሄዳለሁ።»

ልጁን ያገኘችው የመብራት ዕቃ በሚቀመጥበት ክፍል፣ በተጠቀለሉ ገመዶች መካከል፣ እጆቹ በካቴና ታስረው ነው። ረጅም ነው፤ ለወንድሙ የተነፈገው ቁመት ሁሉ ለእሱ የተሰጠ ይመስላል።

«ማብሪያውን አጥፍተሃል?»

«አጥፍቻለሁ። ወንድሜ ምሳ ሰዓት ሁልጊዜ እዛው ወንበሩ ላይ ነው የሚያሸልበው። ‹ሚኒስትር ሲተኛ ሕዝብ ያርፋል› ይል ነበር። እሱን አስተኝቼ እንዴት ሳላጠፋ እወጣለሁ?» ከዚያ ድምፁ ወረደ። «ግን ጩኸት ሰምቼ ስሮጥ የማብሪያው እጀታ ወደ ላይ ነበር። ያወረድኩት እኔ ነኝ። በገዛ እጄ። ምናልባት አጥፍቼ ሳይሆን አጠፋሁ ብዬ አስቤ ይሆን? ፈርም ካሉኝ እፈርማለሁ እትዬ። ገድዬው ከሆነ ምን አባቴ ይጠቅመኛል መውጣቱ?»

«ዝም በል!» አለችው፤ ካሰበችው በላይ ጮኻ። «ሌላ ሰው የሠራውን ኃጢአት ለቅመህ ኪስህ አትክተት። እኔ ሳልነግርህ አንዲት ነገር ብትፈርም ጣትህን ነው የምቆርጠው።»

ከክፍሉ ስትወጣ አንዲት ሴትዮ ጠበቋት። የሁለቱ እናት ናቸው። ሰው አልነገራቸውም፤ ጎረቤት ሲንሾካሾክ ሰምተው በእግራቸው መጥተዋል። ዘበኛው ሊያስቆማቸው ሞክሮ በአንድ ቃል ጸጥ አሰኝተውት ገብተዋል። አላለቀሱም። ዓይናቸው ደርቆ እንደ ጠጠር ጠንክሯል።

«የሞተው የትኛው ነው?» አሉ።

«ትልቁ፣ እማማ።»

«የታሰረውስ?»

«ትንሹ።»

«በአንድ ቀን ሁለቱንም? ጅብ እንኳ አንዱን ነክሶ ይሮጣል እንጂ ጉሮኖውን አያራቁትም።» መርማሪዋን ከእግር እስከ ራሷ አዩዋት። «አንቺ ነሽ መርማሪ የሚሉሽ? እንግዲያስ ስሚኝ። ያ ልጅ ከቤት ሲወጣ የኔን ምድጃ ሳይቀር ተመልሶ ያያል። ከልጅነቱ ጀምሮ እንዲህ ነው፤ ሰፈሩ ሁሉ ሲስቅበት ኖሯል። ወንድሙን መብራት ላይ ትቶ ወጣ የሚለኝ ሰው ካለ ዓይኔን እያየ ይበለኝ።»

አለቃው ጫማውን አየ። ሴትዮዋ አንድ ወንበር ስበው መሃል አዳራሹ ላይ ተቀመጡ። «ሁለቱም ልጆቼ ከዚህ ሳይወጡ አልንቀሳቀስም» አሉ። ማንም አልተከራከራቸውም።

ወፍጮ መጀመሪያ ዳይሬክተሩን ጠራች። ቀጭን፣ ጥፍሩን የሚበላ፣ ካሜራውንም ራሱ የሚይዝ ሰው ነው።

«ዛሬ ጠዋት ምን ስትሠሩ ነበር?»

«የመጨረሻውን ክፍል የመጨረሻ ትዕይንት። ሚኒስቴሩ ውስጥ መብራት ይጠፋል። ሚኒስትሩ በጨለማው ይደናበራል። በመጨረሻ ተናዶ የጠረጴዛውን መብራት አናቱን በጥፊ ይለዋል፣ ይበራል። ወንድምየው ነው ከግድግዳ ኋላ የሚያበራው። ሁሉም ያጨበጭባል። ያልቃል።»

«መነጽሩስ?»

«እሱ ጽሑፉ ላይ የለም። ዛሬ ጠዋት እዚሁ የፈጠረው ነው። ቀረጻ ልንጀምር ስንል ከዕቃ ሳጥኑ አንሥቶ ግንባሩ ላይ ሰቀለና ‹መነጽሬን የሰረቀኝ ማን ነው?› እያለ ጠረጴዛ ሥር መፈለግ ጀመረ። ሞትን በሳቅ።» ሊስቅ ከጀለና አፉን በእጁ ያዘ። «ግን መስታወቱ ብርሃን እያንጸባረቀ ካሜራውን አበላሸብኝ። አስወልቄው እንደገና ቀረጽን።»

ሁለተኛዋ ሁለገብ የሚሏት ሴት ናት፤ ዕቃውንም ሜካፑንም ብቻዋን የምትይዝ። ሬሳውን ያገኘችው እሷ ናት። ዓይኗ አብጧል።

«ከምሳ ስመለስ የተቃጠለ ነገር ሸተተኝ። ጮኽኩ። ሌላ አላውቅም።»

«መነጽሩን ካስወለቃችሁት በኋላ የት አደረግሽው?»

«ሳጥኑ ውስጥ። ቦታው ነዋ! እኔ ዕቃ ሳልመልስ ምሳ አልበላም። ሳጥኑ ግን አይቆለፍም።»

«ሜካፑስ?»

«ለሁለተኛው ቀረጻ አዲስ ቀባሁት። ላቡ አበላሽቶት ነበር። የጠዋቱን ብጫ ጠርጌ ቀላ ያለውን፣ ሸክላ መልክ ያለውን አደረግኩለት። ‹አሁን የበላ ሚኒስትር መሰልኩ› አለኝ።» ፊቷን በመሐረቧ ሸፈነች። «ያ ቀለም በውሃ አይለቅም እኮ። ማን ያጥብለታል አሁን?»

ሦስተኛዋ የሚኒስትሩን ጸሐፊ ሆና የምትጫወተው ተዋናይት ናት። በኮሜዲው ውስጥ ባለጉዳይ በመጣ ቁጥር «ክቡርነታቸው ስብሰባ ላይ ናቸው» የምትለው እሷ ነች፤ መንገድ ላይ ሕፃናት ሳይቀሩ ያንኑ እያሉ ይከተሏታል።

«ጠብ ነበረ?» አለቻት ወፍጮ።

«ከደራሲው ጋር ተጨቃጭቀው ነበር። ከመጀመሪያው ቀረጻ በኋላ። እሱ መጨረሻ ላይ ከራሱ አንድ ነገር ጨመረ። መብራቱን መታው፣ በራ፣ ከዚያ ካሜራውን አይቶ፣ ‹ለካ እኛንም የሚያበራን መመታት ነው!› አለ። ሁላችን አጨበጨብን። ደራሲው ግን ፊቱ አመድ መሰለ። ‹ይቺ ትወጣለች› አለው። ‹አትወጣም› አለው። ‹ወንበሬን ልታሳጣኝ ነው!› ብሎ ጮኸበት።»

«የምን ወንበር?»

«እኔ እንጃ። እሱም ሳቀበትና ‹ወንበር ከፈለግህ የኔን ውሰድ፤ ኮምፔንሳቶ ነው፣ ብቻ ትራሱን እንዳትረሳ› አለው። ደራሲው በሩን ደርግሞ ወጣ። የዚህን የውሸቱን አይደለም፤ የእውነቱን በር። እሱ ከሄደ በኋላ ነው ደስ ብሎን እንደገና የቀረጽነው። ያችን ነገር ደገማት። ያው… የመጨረሻዋ ሆነች።»

የፊልሙ ባለቤት ወፍራም፣ ላቡን በየደቂቃው የሚጠርግ ሰው ነው። ጠዋት እዚህ አልነበረም፤ ከከተማው ማዶ ከሚገኘው ቢሮው የመጣው ሬሳው ከተገኘ በኋላ ነው።

«ወደ ላይ የደወልከው አንተ ነህ?»

«ስማችን እንዳይጠፋ ብዬ ነው። ሰው መሞቱ አሳዝኖኛል፣ ግን ሥራም አለ።»

«ዛሬ ምን እንደሚቀረጽ ታውቅ ነበር?»

«ጽሑፉን ቃል በቃል አውቀዋለሁ። መብራት ጠፋ፣ መብራቱን መታ፣ በራ፣ ተጨበጨበ።»

«መነጽርስ?»

«የምን መነጽር?» አለ። የምር ግራ ገባው።

ደራሲው መጨረሻ መጣ። አቧራና ቀለም በሞላበት አዳራሽ ውስጥ አዲስ ሙሉ ልብስ ለብሷል፤ ጥቁር፣ ከማጠፊያው ያልተላቀቀ። ሻይ በቀኝ እጁ ይዟል። ግራ እጁ ከኪሱ አልወጣም፤ ሻዩን አስቀምጦ በር ሲከፍትም፣ ወንበር ሲስብም፣ ስኳር ሲያማስልም የሚሠራው ያው ቀኙ ነው። ወፍጮ ይህን አስተዋለች።

«እህቴ» አላት «ላስረዳሽ። የኔ ሥራ መጻፍ ነው። እኔ እንደናንተ የጉልበት ሰው አይደለሁም። ምሳ ሰዓት ላይ ፎቅ፣ የጽሕፈት ክፍሌ ውስጥ ነበርኩ።»

«ማን አየህ?»

«ጸሐፊ ሲጽፍ ማን ያየዋል?»

«ለመጨረሻ ጊዜ ሟቹን ያየኸው መቼ ነው?»

«ጠዋት። ወንበሩ ላይ፣ መነጽሩን ግንባሩ ላይ ሰቅሎ የሞኝ ቀልዱን ሲቀልድ። ከዚያ ወዲያ አጠገቡ አልደረስኩም።»

«ልብስህ ያምራል። ሠርግ አለህ?»

«ቀጠሮ ነበረኝ። ከዚህ ነገር ጋር አይገናኝም።»

«ሁሉም አይገናኝም ሲል ነው የሚገናኘው» አለች ወፍጮ፤ ለራሷ እንጂ ለእሱ አልነበረም።

ከሰዓት በኋላው እየገፋ ነበር። አለቃዋ ሰዓቱን አሳያት። ወፍጮ ሁሉንም በኮምፔንሳቶው ቢሮ ውስጥ፣ የኮሜዲው የውሸት ኃላፊዎች በሚሰበሰቡበት ረጅም ጠረጴዛ ዙሪያ አስቀመጠቻቸው። ልጁን ከነካቴናው አመጡት። እናቲቱም ወንበራቸውን ይዘው መጥተው ከልጃቸው ጎን ተቀመጡ። ሬሳው ተነሥቷል። የሚኒስትሩ ወንበር ያለ ትራስ ዝቅ ብሎ ባዶውን ቆሟል።

«ስብሰባው ተጀምሯል» አለች ወፍጮ። ማንም አልሳቀም።

«ይህን ሰው መብራት አልገደለውም። ሐኪሙ እዚህ አለ። እጁ የተቃጠለው ትንፋሹ ካለቀ በኋላ ነው። ተኝቶ ሳለ፣ አምኖ ሳለ፣ ከገዛ ሥሩ ትራሱን መንጥቆ ፊቱ ላይ የጫነበት ሰው አለ።» ከረጢቱን ከፍታ ቀዩን ትራስ ጠረጴዛው ላይ አኖረችው። የታተመው ፊት ወደ ላይ ሆነ። ሁለገብ ጮኸች። እናቲቱ አልጮሁም፤ እጃቸውን ዘርግተው የትራሱን ጫፍ ብቻ ነኩ።

ልጁ ካቴናው እየተንቀጫቀጨ ቀና አለ። «እኔ አይደለሁም ማለት ነው?»

«አይደለህም አላልኩህም እንዴ? እናትህንም ጠይቃቸው።»

«ቀጥይ» አሉ እናቲቱ።

«ገዳዩ ሰውን ማፈን ብቻ አልበቃውም። ጥፋቱን የሚሸከምለት ሌላ ሰው ፈለገ። የመብራቱን ሽቦ ላጠ፣ የሬሳውን እጅ ብረቱ ላይ ጫነ፣ ከዚያ ሄዶ ማብሪያውን ከፍ አደረገ። ሚኒስትሩ የመብራቱን ቀልድ ሲለማመድ ወንድሙ በረሳው መብራት ተያዘ እንዲባል ነው። ለዚህም ሬሳውን ካሜራው ለመጨረሻ ጊዜ እንዳየው አድርጎ ማስቀመጥ ነበረበት። እጅ መብራት ላይ። መነጽር ግንባር ላይ።»

ዞር ብላ አየቻቸው። «ስህተቱም እዚህ ጋ ነው። ካሜራው ለመጨረሻ ጊዜ ሲያየው ግንባሩ ባዶ ነበር።»

ዳይሬክተሩ ጥፍሩን ከአፉ አወጣ።

«መነጽሩ ሳጥኑ ውስጥ ነበር። ገዳዩ ከሳጥኑ አውጥቶ ነው የሰቀለለት። ማን እንዲህ ያደርጋል? ዳይሬክተሩ አያደርግም፤ ያስወለቀው ራሱ ነው። ሁለገብም አታደርግም፤ መልሳ ያስቀመጠችው እሷ ናት። ተዋናይቷም ወንድምየውም ሁለተኛው ቀረጻ ላይ ነበሩ፤ አራቱም መነጽሩ እንደቀረ ያውቃሉ። የፊልሙ ባለቤት ደግሞ መነጽር የሚባል ነገር እንደነበረም አያውቅም፤ ጽሑፉ ላይ የለም፣ ጠዋትም አልነበረም። እንግዲህ የቀረው አንድ ዓይነት ሰው ነው። የመጀመሪያውን ቀረጻ ያየ፣ ሁለተኛውን ያላየ። መሃል ላይ ተቆጥቶ በሩን ደርግሞ የወጣ።»

የሁሉም ዓይን ወደ አንድ ቦታ ዞረ።

ደራሲው ሳቀ፤ ሳቁ እንደ ግድግዳው ቀጭን ነበር። «አንድ መነጽር! እህቴ፣ ይኼ እኮ ማስረጃ አይደለም። እኔ እንኳ ለኮሜዲ እንዲህ ያለ ደካማ ነገር አልጽፍም።»

«ልክ ነህ። እንግዲያስ ግራ እጅህን ከኪስህ አውጣ።»

ሳቁ ቆመ።

«ከቀትር ጀምሮ ኪስህ ውስጥ ነው። ምን ያሞቅልሃል? አውጣው።»

አላወጣም። አለቃው፣ በዚያ ቀን ለመጀመሪያ ጊዜ ሥራውን ሠራና፣ ክንዱን ይዞ አወጣው። ከጥቁሩ ኮት እጅጌ ሥር የነጩ ሸሚዝ ጫፍ ወደ ውስጥ ታጥፏል። ወፍጮ ዘረጋችው። ሸክላ የመሰለ ቀላ ያለ ቀለም፣ በውሃ ተፈግፍጎ የባሰ የተለቀለቀ።

«ጠዋት ስንጨቃጨቅ ነክቶኝ ይሆናል» አለ ቶሎ።

ሁለገብ ብድግ አለች። «ጠዋት ብጫ ነበር የቀባሁት! ይኼን የቀባሁት አንተ ከወጣህ በኋላ ነው!» ወደ እጅጌው ጠቆመች። «ከዚያ ወዲያ አጠገቡ አልደረስኩም አላልክም ወይ?»

ደራሲው የተጠራቀመ ነገር እንደፈነዳበት ሁሉ ጮኸ።

«አንድ ነገር ነው የለመንኩት! አንዲት መስመር ተው አልኩት! እድሜዬን ሙሉ ለኮምፔንሳቶ ሚኒስትር ንግግር ስጽፍ ኖርኩ። አሁን እውነተኛው ጠራኝ። አማካሪ ልሆን፣ የእውነት ቢሮ፣ የእውነት መስኮት ላገኝ። ዛሬ ነበር ቀጠሮዬ! የኮሜዲው መጨረሻ ለስለስ ይበል አሉኝ፤ ይላል ብዬ ቃል ገባሁ። ምሳ ሰዓት ተመልሼ ልለምነው መጣሁ። ተኝቶ ነበር። ፈገግ ብሎ፣ ተኝቶ! የሱ ወንበር ቀልድ ስለሆነ የሰው ወንበር ሁሉ ቀልድ ይመስለዋል!»

«ወንድሙን ለምን ጨመርክ?» አለች ወፍጮ። ድምፅዋ ዝቅ ብሏል፤ የሚያውቋት ሰዎች ያኔ ነው የሚሸሿት።

«መብራት የሱ ሥራ ነው» አለ ደራሲው፤ ከዚህ የበለጠ ምክንያት ያስፈልጋል ወይ በሚል ዓይን።

ወፍጮ የልጁን ካቴና ፈታችና ያንኑ ካቴና፣ ገና ከልጁ ሥጋ ሙቀት ሳይበርድ፣ በአዲሱ ልብስ እጅጌ ላይ ቆለፈችው። አለቃው ጉሮሮውን ጠራረገ።

«ከላይ ቢደውሉ ምን ልበል?»

«ክቡርነታቸው ስብሰባ ላይ ናቸው በላቸው።»

ሊወስዱት ሲነሡ እናቲቱ እጃቸውን አነሡ። «ቁም። አላለቀም።» ወደ ዳይሬክተሩ ዞሩ። «አንተ፣ ልጄ ያላትን ነገር አሰማኝ። ለምን እንደሞተ ልወቅ።»

ዳይሬክተሩ ወደ ካሜራው ሄዶ ትንሿን ስክሪን ወደ እሳቸው አዞረ። ልጃቸው ታየ፤ ግንባሩ ባዶ፣ ፊቱ ቀላ፣ ትራሱ ላይ ተኮፍሶ። በጨለማው ተደናበረ። መብራቱን አናቱን አለው። ከግድግዳው ኋላ ታናሽ ወንድሙ አበራለት። ሚኒስትሩ ካሜራውን፣ እናቱን፣ አየና አለ፦ «ለካ እኛንም የሚያበራን መመታት ነው!»

እናቲቱ ጠበቁ። ሌላ ነገር ይከተላል ብለው ጠበቁ። ስክሪኑ ጠቆረ።

«ይኸው ነው?» አሉ። «ሌላ የለውም?»

«ይኸው ነው እማማ።»

ያኔ ተነሡ። ደራሲው ፊት ሄደው ቆሙ፤ ከደረቱ አይደርሱም፣ እሱ ግን ወደ ኋላ አፈገፈገ።

«ለዚች ነው? ለዚች ነው ልጄን ያፈንከው? ይቺን እኮ ገበያ ላይ ሽንኩርት የምትሸጠው ሁሉ በየቀኑ ትላታለች! እኔ ራሴ ቀበሌ ተሰልፌ ስመለስ ከዚህ የከፋ እላለሁ! ሁላችንን ልታፍን ነበር? ስንት ትራስ አለህ?»

ወሰዱት። ዳይሬክተሩ ካሜራውን በሁለት እጁ ታቅፎ፣ «አትቆረጥም እማማ። አንዲት ቃል አትቆረጥም» አላቸው። «ብትቆርጣት እመጣለሁ» አሉት።

ሲወጡ የሚኒስትሩን ወንበር አለፉ። ቆም ብለው ግድግዳውን በመዳፋቸው ገፉት፤ ባንዲራው፣ መደርደሪያው፣ ሆድ የሌላቸው መጻሕፍት ሁሉ ተንቀጠቀጡ። የታናሽ ልጃቸውን እጅ፣ ካቴናው ያቀላው ላይ ያዙት።

«ና እንሂድ። ወንድምህ ብቻውን ነው ያለው።»

ልጁ ሁለት እርምጃ ሄደና ቆመ። ወደ ኋላ ዞሮ ወደ ማብሪያው አየ፣ ከዚያ እናቱን አየ፤ አፍሮ።

«ሂድ አጥፋው» አሉት። «ሂድ፣ ማንም አይስቅብህም።»

ሄዶ እጀታውን አወረደ። የመስኮቱ ፀሐይ ጠፋች። ተመልሶ አንድ ጊዜ ደግሞ ነካው፣ መውረዱን አረጋገጠ፣ ከዚያ እናቱን ተከትሎ ወጣ። ወፍጮ ቀዩን ትራስ ታቅፋ በጨለማው ውስጥ፣ ቁጣዋ እስኪበርድ ብላ፣ ቆማ ቀረች። አልበረደም።